ከብሬነር እስከ ትሬንቶ፦ የቴውቶን ማኅበር የተራራ አውራጃ በካርቶን

መስከረም 4፣ እሑድ

ጋሼ የእንጨት ሥራ ቤታቸውን ቁልፍ ዛሬ ሰጡኝ። “ቦታው ሞልቷል። ማሽኑን ግን እኔ በሌለሁበት እንዳትነኪ፣ ልጄ” ብለውኛል። የሚያስፈልገኝ ሰፊ ጠረጴዛና ደህና መብራት ስለሆነ እጅ ነስቼ ተቀበልኩ።

የነገሩ መነሻ አንድ ጥያቄ ነው። እዚህ ሰሜን ጣልያን፣ ቦልዛኖ ከተማ፣ ቅዳሜ ቅዳሜ ልጆቻችንን አማርኛ አስተምራለሁ። ባለፈው ሳምንት አንዱ ልጅ ከትምህርት ቤት ያመጣውን ደብተር ገልጦ ነጭ ካባ የደረበ ፈረሰኛ አሳየኝ፤ ካባው ላይ ጥቁር መስቀል አለበት። “ቲቸር፣ እነዚህ ወታደሮች እዚህ ከማን ጋር ነው የተዋጉት?” አለኝ። መልስ አጣሁ። “ቆይ፣ አጥንቼ እነግርሃለሁ” ብዬ ወደ ፊደል ገበታው መለስኩት፤ ጥያቄው ግን እኔ ዘንድ ቀረ። ልጆቹ የተወለዱት እዚሁ ነው። የሚረግጡትን መሬት ታሪክ በጀርመንኛና በጣልያንኛ ይማሩታል፤ እቤት ሲገቡ በአማርኛ የሚያወራቸው ሰው የለም፣ እኛ ወላጆችና አስተማሪዎች አናውቀውምና።

ስለዚህ ነው አገሩን ከነተራራውና ከነሸለቆው በካርቶን እየደራረብኩ ልሠራ የተነሣሁት። ልጅ በጣቱ ዳስሶ የሚያውቀው ካርታ ይሁን ብዬ። ደብተሩ ላይ ያለው ፈረሰኛ የቴውቶን ማኅበር የሚባለው የጀርመን ወታደር መነኮሳት ማኅበር ሰው ነው፤ የማኅበሩ የዚህ አካባቢ ክፍል በጀርመንኛ የሚጠራበት ስም ራሱ መልክአ ምድር ነው፤ “በኤች ዳርና በተራራው ያለው አውራጃ” እንደ ማለት ነው። ኤች ጣልያኖች አዲጄ የሚሉት ወንዝ ነው።

መስከረም 11፣ እሑድ

መስፈርቱ ተወሰነ፦ 1 ለ100,000። አንድ ሴንቲ ሜትር አንድ ኪሎ ሜትር ማለት ነው። ከብሬነር መተላለፊያ ሰሜን ጀምሮ ከትሬንቶ ትንሽ አለፍ ብሎ እስኪያበቃ ድረስ ሰሌዳው 120 በ95 ሴንቲ ሜትር ይሆናል። በየ200 ሜትሩ ከፍታ አንድ ንብርብር አደርጋለሁ። በልኩ ቢሆን እያንዳንዱ ንብርብር 2 ሚሊ ሜትር መሆን ነበረበት፤ እኔ ግን ባለ 3 ሚሊ ሜትሩን ካርቶን ገዛሁ፣ ተራራው ለጣት ጎላ እንዲል። ከ200 ሜትር ተነሥቶ እስከ 3800 ድረስ 19 ንብርብር ይሆናል። የኦርትለር ጫፍ 3905 ሜትር ስለሆነ ከሁሉም በላይ የምትቀመጠው ቁራሽ ከአውራ ጣት ጥፍር አትበልጥም። ትሬንቶ ደግሞ 194 ሜትር ላይ ስላለች ከመጀመሪያው ካርቶን በታች፣ በባዶው ኮምፔርሳቶ ላይ ቀረች። ጋሼ ይህን ሲያዩ “ከተማዋን ሜዳ ላይ ጣልሻት” ብለው ሳቁ።

ማታ ማታ የማነበውንም እዚሁ ልጻፈው፤ ዓመታቱ ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው። ማኅበሩ የተወለደው ከአልፕስ ርቆ፣ በቅድስት አገር ባሕር ዳርቻ ባለችው በአክሬ ከተማ ነው። በ1190 የመስቀል ጦረኞች አክሬን ከበው ሳለ ከብሬመንና ከሉቤክ የመጡ ነጋዴዎች የመርከባቸውን ሸራ ወጥረው የታመሙና የቆሰሉ ወገኖቻቸውን ያስታምሙበት ጀመር። በ1198 ይህ የሕሙማን ቤት ወደ ወታደር መነኮሳት ማኅበርነት ተለወጠ፤ በ1199 ደግሞ የሮማው ጳጳስ ኢኖሰንት 3ኛ አጸደቁት። ሙሉ ስሙ በኢየሩሳሌም የቅድስት ማርያም የጀርመን ቤት ወንድሞች ማኅበር ነው። ባላባቶቹ ወንድሞች ነጭ ካባ ከጥቁር መስቀል ጋር ይለብሳሉ። ከእነርሱ ዝቅ ያሉት አገልጋይ ወንድሞች ካባቸው ግራጫ ነው፤ መስቀላቸውም ሙሉ አይደለም፣ የላይኛው ክንፉ ይጎድላል።

ያ የሸራ ድንኳን ከተተከለ ከ12 ዓመት በኋላ፣ በ1202፣ የትሬንቶ ጳጳስ ኮንራድ እዚህ ቦልዛኖ በአይዛክ ወንዝ ድልድይ አጠገብ የነበረውን የቅዱስ ዮሐንስ ሆስፒታል ለማኅበሩ ሰጠ። በዚያን ጊዜ ሆስፒታል ማለት ሐኪም ቤት ብቻ አልነበረም፤ መንገደኛ የሚያድርበት፣ ድሃ የሚበላበት፣ የታመመ የሚታከምበት ቤት ነው። ኢየሩሳሌም ደርሶ ለሚመለስ ሰው የአልጋና የሾርባ ቦታ ነው። እንግዳ መቀበላቸው እንደ እኛው ነው፤ ይህን ሳነብ የልጁ ጥያቄ ለመጀመሪያ ጊዜ መልኩን ለወጠብኝ።

መስከረም 18፣ እሑድ

ትናንት መስቀል ነበር፤ ልጆቹ አደይ አበባ ሲስሉ ዋሉ። ዛሬ ሙሉ ቀን ቆረጥኩ።

አሠራሩ ቀላል ነው። የከፍታ መስመሮቹን በኮፒ ቤት በልኩ አሳትሜአለሁ። ወረቀቱን በካርቦን ከካርቶኑ ጋር አጣብቄ መስመሩን በእስኪርብቶ እከተላለሁ፤ ከዚያ በካተር ሦስት ጊዜ እመላለስበታለሁ። በአንድ ጊዜ ልቁረጥ ያለ ሰው ካርቶኑ ይቀደድበታል። የአዲጄ ሸለቆ ሰፊ ስለሆነ ካተሩ እንደ ልቡ ይሄዳል፤ ከሜራኖ እስከ ቦልዛኖ በሃያ ደቂቃ ጨረስኩት።

የአይዛክ ሸለቆ ግን ሌላ ነው። ከቦልዛኖ ወደ ሰሜን ምሥራቅ ወጣ እንዳልኩ ሁለቱ የ400 ሜትር መስመሮች እየተቀራረቡ ሄደው መካከላቸው ከሁለት ሚሊ ሜትር አልበለጠም። የካተሩ ጫፍ አንዱን ግድግዳ ሳይነካ ሌላውን መቁረጥ አልቻለም። ሦስት ጊዜ ተሰበረብኝ። በመጨረሻ ጋሼ መጥተው ካተሩን ከእጄ ወሰዱና ሹል ቢላ በእሳት አሙቀው እንደ ቅቤ ቆረጡልኝ። “ይሄ ገደል ነው እንጂ ሸለቆ አይደለም” አሉ። በየቀኑ ባቡር ስሳፈር የማልፍበት ቦታ ነው፤ ዋሻ ውስጥ ስለሚገባ ገደልነቱን አይቼው አላውቅም ነበር።

ወደ ሰሌዳው ቀኝ ጠርዝ የፑስተር ሸለቆ አፍ ብቅ ይላል። እዚያ ስደርስ እጄ ዘገየ። ከዚያ ሸለቆ ከብሩኔክ የተመሠረተው ፑስተርያ የተባለው የጣልያን የተራራ ወታደሮች (አልፒኒ) ክፍለ ጦር በ1936 አገራችን ዘምቶ አምባ አራዶም ላይ የተዋጋ ነው። የሚያጓጉዘው ባቡር የወጣበት አፍ ይሄ ሦስት ሴንቲ ሜትር የማይሞላ ቀዳዳ ነው። ጋሼ ይህን ሳነሣ ዝም ብለው ቆዩና “ቁረጪው፣ በንጽሕና ቁረጪው” አሉኝ።

መስከረም 20፣ ማክሰኞ ማታ

እስከ 1200 ሜትር ያሉትን ስድስት ንብርብሮች በኮላ አጣብቄ መንገዱን ለመዘርጋት ቸኮልኩ። ቀይ ክር ይዤ ከብሬነር ጀምሬ በስተርሲንግ፣ በብሪክሰን፣ በገደሉ ውስጥ አልፌ ቦልዛኖ፣ ከዚያ ትሬንቶ አደረስኩት። ባቡሩም፣ አውቶስትራዳውም የሚሄደው በዚያው ነው። አምስቱን የማኅበሩን ቤቶች በስፒል ሰካሁ፦ ቦልዛኖ፣ ሌንግሞስ፣ ስተርሲንግ፣ ስላንደርስ፣ ትሬንቶ።

አራቱ በቦታቸው ያምራሉ። ሌንግሞስ ግን ከቀዩ ክር ርቆ፣ ሪተን በሚባለው አምባ ላይ፣ በ1160 ሜትር ገደማ ከፍታ ብቻውን ቆመ። የመንገደኛ ማረፊያ ቤት ከመንገድ ርቆ ምን ይሠራል? ስፒሉን ነቅዬ ወደ ሸለቆው ላወርደው ሁሉ ዳድቼ ነበር። ካርታውን ሁለት ጊዜ ፈተሽኩ፤ የሌንግሞስ ቦታ ትክክል ነው።

የተሳሳተው ክሩ ነው። በ1227 ሌንግሞስ ያለው ሆስፒታል ለማኅበሩ ሲሰጥ በገደሉ ውስጥ የሚያልፍ መንገድ አልነበረም። በካተር ያስቸገረኝ ያ ቀጭን ስንጥቅ ለበቅሎና ለጋሪም አልተቻለም። ነገሥታቱ ከጀርመን ወደ ሮም ለንግሥና ሲወርዱ፣ ነጋዴው፣ ጳጳሱ፣ ተሳላሚው ሁሉ ገደሉን ትቶ ሪተን አምባ ላይ ይወጣና በሌንግሞስ አልፎ ቦልዛኖ ይወርድ ነበር። ገደሉን የከፈተው ሃይንሪኽ ኩንተር የሚባል የቦልዛኖ ሰው ነው። እርሱና ሚስቱ ካታሪና በ1314 ይህ የተራራ አገር ያኔ ይጠራበት የነበረውን የቲሮልን ገዢ አስፈቅደው፣ ከሚያልፈው ሰው ቀረጥ እየሰበሰቡ፣ የበቅሎ መንገድ አወጡበት። ዛሬም “የኩንተር መንገድ” ይባላል። ከዚያም በ1480ዎቹ መስፍኑ ሲግሙንድ ዐለቱን በባሩድ እያፈነዳ አሰፋው።

ክሩን ላቀው። ኮላው ደርቆ ስለነበር የካርቶኑን ቆዳ ይዞ ተነሣ፤ በገደሉ ሁለት ዳር ነጭ ጠባሳ ቀረ። አዲሱ ክር አምባውን ይወጣል።

መስከረም 25፣ እሑድ

ክሩን ከመለጠፌ በፊት መንገዱን በእግሬ ልየው ብዬ ማለዳ ወጣሁ። ከቦልዛኖ ዳር፣ ከሬንች የወይን እርሻ መሐል ተነሥቼ ነው የሄድኩት። ከ260 ሜትር ወደ 1160፤ ዘጠኝ መቶ ሜትር መውጣት ነው። በእኔ ካርታ ላይ ከአንድ ጣት ውፍረት አይበልጥም፤ ለእግር ግን ግማሽ ቀን ነው። አንዳንድ ቦታ አሮጌው የድንጋይ ንጣፍ ይታያል። ከወይኑ በላይ የካስታኛ ዛፍ ይጀምራል፤ ፍሬው መሬት ላይ ወድቆ እሾሃማ ቅርፊቱ ተከፍቷል። ሁለት ኪስ ሙሉ ለቀምኩ። ከካስታኛው በላይ ጥድ ነው።

አምባው ላይ ደርሼ ትንፋሼን ስሰበስብ ያ ቤት ለምን እዚያ እንዳለ ለማስረዳት መጽሐፍ አላስፈለገኝም። መንገደኛው ውኃ፣ እሳትና አልጋ የሚፈልገው እዚያ ቦታ ላይ ነው። ዛሬ የሚታየው ሰፊ ነጭ ሕንፃ በኋላ ዘመን በባሮክ አሠራር የታደሰ ነው፤ በግቢው ውስጥ በበጋ ቲያትር ይታይበታል። ከቤቱ ትንሽ እልፍ ሲሉ ፍንስተር የተባለው ጅረት የሸረሸረው ገደል አለ፤ ከጭቃ የቆሙ ረጃጅም ዐምዶች፣ በየራሳቸው ላይ አንድ አንድ ድንጋይ ተሸክመው። ዝናቡ ዙሪያውን አጥቦ ሲወስድ ድንጋዩ የሸፈነው ጭቃ ብቻ ቆሞ ይቀራል። ድንጋዩ የወደቀበት ዐምድ ዕድሜ የለውም። ብዙ ጊዜ ቆሜ አየሁት።

የኩንተር መንገድ ከተከፈተ በኋላ የሚበዛው ሰው በታች ማለፍ ጀመረ። የሌንግሞሱ ቤት ግን አልተዘጋም፤ መሬት ነበረው፣ ገባር ነበረው፣ ቤተ ክርስቲያን ነበረው። ከመንገደኛ ቤትነት ወደ ባለ ርስትነት ተሸጋገረ። የአውራጃው ሁሉ ታሪክ ባጭሩ እንደዚያ ነው የሄደው።

ሲመሽ በገመዱ መኪና ወረድኩ። ጉልበቴ ተንቀጥቅጧል።

ጥቅምት 4፣ ማክሰኞ

የዕረፍት ቀኔን ይዤ ስተርሲንግ ደረስኩ። ጣልያኖቹ ቪፒተኖ ይሏታል። ብሬነር 1370 ሜትር ገደማ ነው፤ ከዚያ ወርዶ የበረደው ሰው መጀመሪያ የሚያገኛት ከተማ ናት። በ1241 የታውፈርሱ ጌታ ሁጎና ሚስቱ አደልሃይድ እዚህ ሆስፒታል መሠረቱ፤ በ1254 ወደ ማኅበሩ ተዛወረ። አሁንም የመተላለፊያ አፍ፣ አሁንም ማደሪያ። በሰሌዳዬ ላይ ስፒሎቹን ሳያቸው ልክ ጭነት ተሸክሞ የሚያርፍ ሰው የሚመርጣቸው ቦታዎች ላይ ተሰክተዋል፦ ከመተላለፊያው ሥር፣ ከዳገቱ አናት፣ ከድልድዩ አጠገብ።

የማኅበሩ ቤት ዛሬ ሙዚየም ነው። ከኡልም የመጣው ሀንስ ሙልቸር ከ1456 እስከ 1459 አጠገቡ ላለው የእመቤታችን ቤተ ክርስቲያን የሠራው ትልቅ መንበር ተለያይቶ፣ የክንፎቹ ሥዕሎች እዚህ ተቀምጠዋል። አንዱ የእመቤታችንን ዕረፍት የሚያሳይ ነው። ሐዋርያት በአልጋዋ ዙሪያ ተጨናንቀው ቆመዋል። ፊታቸው የቅዱሳን ፊት ሳይሆን የገበሬ ፊት ነው፤ በብርድ የቀላ ጉንጭ፣ የተሸበሸበ ግንባር። ፍልሰታን ጾሜ ያደግሁ ሰው ነኝና ከፊቱ ለመነሣት ተቸገርኩ።

እነዚህ ሥዕሎች በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ ሙሶሊኒ ለሂትለር ሹም ለጎሪንግ ገጸ በረከት አድርጎ ሰጥቷቸው ነበር። ከጦርነቱ በኋላ ወደ ጣልያን ተመለሱ፤ በ1959 ስተርሲንግ ገቡ። የከተማ ሕዝብ በጸሎት ያየውን ሥዕል ነቅሎ ለወዳጅ መስጠት ምን ዓይነት ድፍረት እንደሆነ፣ ሐውልቱ ሮም ተወስዶ የቆየበት አገር ልጅ በደንብ ይገባዋል።

ጥቅምት 9፣ እሑድ

መጥፎ ዜና። ሰሌዳው ጎብጧል። ኮላው ሲደርቅ ካርቶኑ ተኮማትሮ ኮምፔርሳቶውን ጎተተው፤ ሁለቱ ጫፎች ከጠረጴዛው ሁለት ሴንቲ ሜትር ተነሥተዋል። አልቅሼ ልተወው ነበር። ጋሼ መነጽራቸውን አድርገው በሰያፍ ካዩት በኋላ “የኮምፔርሳቶው ጀርባ ባዶ ስለቀረ ነው። ከፊት ያለበስሽውን ከኋላም ማልበስ አለብሽ” አሉ። በጀርባው ወረቀት በኮላ ለጠፍን፤ ከዚያ ሦስት ሞራሌ በአግድም በብሎን አሠርን፤ ከላይ የጭድ ከረጢት የሚያህል አሸዋ ጭነን አሳደርነው።

በዚያ መሐል ስፒሎቹን አስተካከልኩ። የስላንደርሱ ቤት በምዕራብ፣ ወደ ሬሽን መተላለፊያ በሚወስደው በቪንሽጋው ሸለቆ ነው፤ በ1230ዎቹ ከሆኸንስታውፈን ቤት የሆኑት የጀርመን ነገሥታት የከተማዋን ቤተ ክርስቲያን ሰጥተዋቸው ነው የተመሠረተው። የትሬንቶው የቅድስት ኤልሳቤጥ ቤት የመጣው ከሌሎቹ ኋላ ነው። ስለ ሁለቱ ብዙ የምጽፈው የለኝም።

የቦልዛኖው ስፒል ግን ሁለት ቀዳዳ አለው። የመጀመሪያው ሆስፒታል ድልድዩ አጠገብ ስለነበር አይዛክ በሞላ ቁጥር እየገባበት አጠፋው። በ1400 አካባቢ የአውራጃው አዛዥ መቀመጫ ከወንዙ ርቆ ወደ ቬገንሽታይን ተዛወረ፤ እኔ በየጊዜው የማልፈው ግቢ እርሱ ነው። ስፒሉን ነቅዬ ወደ አዲሱ ቦታ ወሰድኩት። በመስፈርቱ ከአንድ ሴንቲ ሜትር ብዙም አይርቅም።

ጥቅምት 13፣ ሐሙስ

ጋሼን ላና ወሰድኳቸው። የመሄዱ ሐሳብ የእኔ ነበር፤ ቤተ ክርስቲያኑ ውስጥ ከገባን በኋላ ግን አልወጣም ያሉት እርሳቸው ናቸው።

ላና ከአምስቱ ቤቶች አንዷ አልነበረችም። የላና ደብር በ1396 ለማኅበሩ የተሰጠ ነው። በታችኛው ላና ያለው አሮጌ ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ሀንስ ሽናተርፔክ በ1500ዎቹ መጀመሪያ የሠራው መንበር ቆሟል። ቁመቱ 14 ሜትር ገደማ ነው። ከካስታኛ እንጨት የተጠረበ፣ በወርቅ የተለበጠ። ጋሼ እጃቸውን ወደኋላ አጣምረው ከታች ወደ ላይ፣ ከላይ ወደ ታች አዩት። “ካስታኛ በመጋዝ ጊዜ ይጠቁራል፣ ብረቱን ያበላሻል። ይሄን ሁሉ ቅጠል በእጅ የፈለቀቀው ሰው ስንት ስኮርፔሎ ጨርሶ ይሆን?” አሉ። አንዱን የወይን ዘለላ እያሳዩ ፍሬው ከግንዱ እንዴት ተለይቶ እንደቆመ አስረዱኝ፤ ከጀርባው ገብቶ ሳይሰብር መፈልፈል የሚችል እጅ በዕድሜያቸው ሁለት ብቻ አይተዋል።

እኔ ወደ ላና የሄድኩበት ምክንያት ሌላ ነው። ማኅበሩ እንደገና ነፍስ የዘራው እዚህ ነው። ስለዚያ ሰሌዳው ሲያልቅ እጽፋለሁ።

ጥቅምት 23፣ እሑድ

ሰሌዳው ቀና! የቀሩትን ንብርብሮች ጨርሼ ኦርትለርን አናቱ ላይ አስቀመጥኩ። ከዚያ ጀሶ በውኃ አቅጥኜ ደረጃ ደረጃ የሆነውን ሁሉ በብሩሽ ሞላሁት፤ ሲደርቅ በብርጭቆ ወረቀት አሸሁት። ገደሉን አልነካሁትም፤ እንደተቆረጠ ሹል ሆኖ ይቅር። ቤቱ በነጭ አቧራ ተሞልቶ ጋሼ ሁለት ጊዜ ጠረጉልኝ።

ቀለሙን ስቀባ ከቦልዛኖ ዙሪያ ተነሥቶ እስከ ትሬንቶ የሚወርደውን የሸለቆ ግራና ቀኝ በወይን ጠጅ ቀለም አደረግሁት። ሀብቱ ያ ነው። ማኅበሩ በ1309 ዋና መቀመጫውን ወደ ፕሩሲያ፣ ወደ ማርየንቡርግ ካዛወረ በኋላ በባልቲክ ባሕር ዳር አገር ይገዛ፣ ይዋጋ ነበር። ይህ የተራራ አውራጃ ደግሞ ለማኅበሩ የበላይ ለሆኸማይስተሩ በቀጥታ ከሚገብሩት ጥቂት አውራጃዎች አንዱ ነበር። እዚያ ሰይፍ፣ እዚህ ወይንና ግብር። በ1410 ማኅበሩ በታነንበርግ በፖላንድና በሊቱዌንያ ጦር ድል ሲሆን፣ የኪሣራው ዕዳ ከዚህም ጭምር ነው የሚጠየቀው።

ግብሩን የሚከፍለው ገበሬ በ1525 ግንቦት ተነሣ። መሪው ሚካኤል ጋይስማይር ከስተርሲንግ አካባቢ የተወለደ ሰው ነው። ሕዝቡ የቬገንሽታይንንና የሌንግሞስን ቤቶች ገብቶ ዘረፋቸው። እነዚህ ቤቶች ከሦስት መቶ ዓመት በፊት ለድሃና ለመንገደኛ ተብለው የተሰጡ ነበሩ። ያን ጊዜ በሩን የሰበረው ሰው የዚያ ድሃ የልጅ ልጅ ነው፤ ይህን ሳልነግራቸው ለልጆቹ ነጭ ካባውን ብቻ ባሳይ ደግ ነገር አላደርግም። በዚያው ዓመት በ1525 ሆኸማይስተሩ አልብሬክት ሉተራዊ ሆኖ ፕሩሲያን ለራሱ መስፍንነት ወሰዳት። የሰይፉ አገር ሲጠፋ የወይኑ አውራጃ ቀረ።

ኅዳር 7፣ እሑድ

ዛሬ የስፒሎቹን ራስ ቀባሁ። በጥርስ መጎርጎሪያ ጫፍ ጥቁር ቀለም ነክሬ በነጩ ራስ ላይ መስቀል መሥራት ነው፤ ትንፋሽ ይዞ። ሰባት አበላሽቼ ስድስት አገኘሁ። ስድስተኛው ለላና ነው።

ቃል የገባሁትን ልጻፍ። የቲሮል ገዢዎች ሀፕስቡርጎች ቀስ በቀስ ማኅበሩን የቤተሰባቸው አደረጉት፤ ከ1602 እስከ 1618 ቲሮልን ያስተዳደረው አርክዱክ ማክሲሚልያን 3ኛ ራሱ ሆኸማይስተር ነበር። መቃብሩ ኢንስብሩክ ነው። በ1809 ሚያዝያ፣ ቲሮሎች ከአንድሬያስ ሆፈር ጋር ለዐመፅ በተነሡበት ወር፣ ናፖሊዮን ሬገንስቡርግ ላይ ሆኖ በእርሱ ሥር ባሉት የጀርመን ግዛቶች ማኅበሩ ይፍረስ ብሎ ዐዋጅ አወጣ። የቦልዛኖ አካባቢ ቤቶችም ተወረሱ። አገሩ በ1814 ወደ ኦስትሪያ ከተመለሰ በኋላ ማኅበሩ ቆይቶ ተነሣ፤ ነገር ግን ባላባትነቱ እየደበዘዘ ነበር። ፔተር ሪግለር የሚባል ቄስ በ1855 ላና ላይ የካህናት ወንድሞችን ማኅበርነት እንደገና አቆመ፤ እኅቶቹም ከ1841 ጀምሮ ላና ነበሩ፣ ሕሙማንን እያስታመሙ፣ ልጆችን እያስተማሩ። በ1190 የመርከብ ሸራ ሥር የተጀመረው ሥራ ማለት ነው።

የመጨረሻው የሀፕስቡርግ ሆኸማይስተር አርክዱክ ኦይገን በ1923 ሥልጣኑን ለቀቀ። በ1929 ጳጳሱ ፒዮስ 11ኛ ማኅበሩን ሙሉ በሙሉ የካህናትና የእኅቶች ማኅበር አደረጉት። ናዚዎች በ1938 ኦስትሪያ ውስጥ፣ በ1939 ደግሞ ቼኮዝሎቫክያ ውስጥ አፈረሱት። ስሙንና መስቀሉን ለራሳቸው ፕሮፓጋንዳ ይጠቀሙበት ነበር፤ በሕይወት ያሉትን መነኮሳት ግን አልፈለጓቸውም። ደቡብ ቲሮል ከአንደኛው ጦርነት በኋላ ለጣልያን የተሰጠች ስለነበረች ማኅበሩ በእነዚህ ስፒሎች አካባቢ መቆየት ቻለ። ዛሬም ላና ላይ ቤት አላቸው፤ የስድስተኛው ስፒል ትርጉም ያ ነው።

ኅዳር 13፣ ቅዳሜ

ሰሌዳውን በጋሼ መኪና ጭነን ወደ ክፍላችን ወሰድነው። በሩ ጠቦ በሰያፍ ገባ። የትሬንቶ ጥግ ትንሽ ተላጠ፤ አስተካክለዋለሁ።

ልጆቹ መጀመሪያ የፈለጉት ቤታቸውን ነበር። ከዚያ ኦርትለርን። ከዚያ ነው ያ ልጅ ጣቱን ብሬነር ላይ አድርጎ ቀዩን ክር ተከትሎ የወረደው። ስተርሲንግ ስፒል ሲያገኝ ቆመ። ብሪክሰንን አለፈ። ክሩ ከሸለቆው ወጥቶ አምባው ላይ ሲወጣ ገረመውና “ቲቸር፣ እዚህ ለምን ወጣ?” አለ። የታችኛውን ገደል በጣቱ እንዲሞክር ነገርኩት። ጣቱ አልገባም። “ታዲያ በዚህ በኩል ማን ያልፋል!” ብሎ ወደ ሌንግሞስ ተመለሰ።

“እነዚህ ሰዎች እዚህ የሚያደርጉት ይሄንን ነበር” አልኩት። “የደከመውን ማሳደር፣ ማብላት። ጦርነታቸው ሌላ አገር ነው። እዚህ መሬት ያዙ፣ ወይን ተከሉ፣ ግብር ሰበሰቡ። አንድ ጊዜ ገበሬው ተቆጥቶ ገባባቸው።”

አሰበና “ሰይፋቸውንስ?” አለ። ቦልዛኖ ላይ እንደማንኛውም ጌታ እንደሚታጠቁት ነገርኩት።

ጣቱ ድልድዩ ጋ ሲደርስ ባዶ ቀዳዳ አገኘ። ቬገንሽታይን ላይ ካለው ስፒል ቀጥሎ፣ የቀድሞው ስፒል የነበረበት ነው። ጋሼ ከኪሳቸው ቁራጭ ጀሶ አውጥተው “ልድፈነው እንዴ፣ ልጄ?” አሉኝ።

“ይቆይ ጋሼ” አልኳቸው። “እርሱ የ1202ቱ ነው። ጎርፉ ሲመጣ የት እንደነበሩ ይይ።”

ልጁ ትንሽ ጣቱን ቀዳዳው ላይ አድርጎ ወደ አይዛክ አጎነበሰ፤ ወንዙ ከየት እንደሚመጣ ወደ ላይ መከተል ጀመረ።